በሁለት ወንዶች የተፈረመ ሰርግ፦ ሶፊያ ሎረን ለማግባት ለምን 9 ዓመት ፈጀባት?

ሜክሲኮ ውስጥ፣ ከአሜሪካ ድንበር አፍንጫ ስር፣ ሲውዳድ ኹዋሬዝ የምትባል ከተማ አለች። ሴፕቴምበር 17 ቀን 1957 እዚያ ሰርግ ነበር። ሰርግ ከተባለ። ቬሎ የለም፣ ሚዜ የለም፣ እልልታ የለም። ሹሙ ፊት የቆሙት ሁለት ወንድ ጠበቆች ናቸው። አንዱ የሙሽራውን ቦታ ይዟል፣ ሌላው የሙሽሪትን። ፈረሙና ወጡ።

እውነተኞቹ ሙሽሮች በዚያ ሰዓት አሜሪካ፣ ሆሊውድ ነበሩ። ሙሽሪት ጣሊያናዊቷ የፊልም ተዋናይ ሶፊያ ሎረን ናት፤ 23 ዓመት ሊሞላት ሦስት ቀን ቀርቷታል። ሙሽራው የፊልም ፕሮዲዩሰሩ ካርሎ ፖንቲ ነው፤ 44 ዓመቱ። መጋባታቸውን ያወቁት እንደ ማንኛውም ሰው ከጋዜጣ ላይ አንብበው ነው።

(ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

ስለ ሁለቱ ፍቅር መጽሔቶች ለ50 ዓመት ጽፈዋል፤ እኔ የምጨምረው የለም። ሁሌ የሚገርመኝ ሌላ ነገር ነው። በዓለም ላይ ስሟን የማያውቅ የሌለ፣ ገንዘብ ያላት፣ ጠበቃ የማይቸግራት ሴት የመረጠችውን ሰው ለማግባት 9 ዓመት ገደማና 3 አገር ያስፈለጋት ለምንድን ነው? መልሱ መዝገብ ቤት ውስጥ ነው ያለው። የዚህች ሴት ሕይወት ከልጅነቷ ጀምሮ ወረቀት ሲያሳድዳት ነው የኖረው። እስቲ ከስሩ እንየው።

ስም ሰጥቶ የሄደ አባት

ሶፊያ የተወለደችው ሮም ውስጥ፣ ሴፕቴምበር 20 ቀን 1934 ነው። እናቷ ሮሚልዳ ቪላኒ ፒያኖ ትጫወት ነበር። መልኳ ቁርጥ የዚያን ዘመኗን የሆሊውድ ኮከብ ግሬታ ጋርቦን ነበር። እንዲያውም አንድ የአሜሪካ ፊልም ድርጅት ጋርቦን የምትመስል ልጅ ሲያፈላልግ ውድድሩን አሸንፋ ነበር። ሆሊውድ ልትሄድ ስትል እናቷ "በሬሳዬ ላይ" አይነት ነገር አለች። ቀረች። ሮም ሄዳ ዕድሏን ስትሞክር ሪካርዶ ሺኮሎኔ ከሚባል ሰው ጋር ተዋወቀች፤ አረገዘች።

ሰውየው አላገባትም። ለልጅቷ ግን ስሙን ሰጣት፤ ሶፊያ ሺኮሎኔ ተብላ ተመዘገበች። ስም ሰጠ፣ እንጀራ አልሰጠም። በ1938 ሁለተኛዋ ልጅ ማሪያ ስትወለድ ደግሞ ስሙንም ከለከለ። ይህ ቀላል ነገር እንዳይመስላችሁ። በዚያን ጊዜ ጣሊያን ውስጥ አባቱ ያልተቀበለው ልጅ በየሰነዱ ላይ፣ የአባት ስም በሚጻፍበት ቦታ፣ "አይታወቅም" ለማለት ሁለት የላቲን ፊደላት ይጻፉበት ነበር። ትምህርት ቤት ሲመዘገብም፣ ሥራ ሲጠይቅም ያቺ ምልክት ትከተለዋለች። ጣሊያን ይህንን ልማድ በሕግ ያስቀረችው በ1955 ነው።

ሶፊያ የፊልም ገንዘብ ማግኘት ስትጀምር መጀመሪያ ካደረገቻቸው ነገሮች አንዱ ምን እንደሆነ ታውቃላችሁ? ለአባቷ ገንዘብ ከፍላ ለእህቷ ስሙን ገዛችላት። ይህንን ራሷ ተርካዋለች።

ያደጉት ናፖሊ አጠገብ፣ ፖትሱኦሊ በምትባል የወደብ ከተማ፣ አያታቸው ቤት ነው። ከተማዋ ወደብም የጦር መሣሪያ ፋብሪካም ስላላት በጦርነቱ ጊዜ የቦምብ ዶፍ ይወርድባት ነበር። ሌሊት ሌሊት ሕዝቡ የሚያድረው የባቡር ዋሻ ውስጥ ነው። አንድ ቀን ወደ መጠለያ ስትሮጥ የቦምብ ፍንጣሪ አገጯን መታት። ረሃቡ ደግሞ ሌላ ነው። በጣም ከመክሳቷ የተነሳ ልጆች "ስቴኪኒ" የሚል ዓይነት ቅጽል ስም አወጡላት። ትርጉም አያስፈልገውም፤ ስቴኪኒን እኛም የወረስነው ከጣሊያንኛ ነው።

ጦርነቱ ሲያልቅ አያቷ ሳሎኑን መጠጥ ቤት አደረገችው። ቤት ውስጥ የሚጠመቅ የቼሪ አረቄ ለአሜሪካ ወታደሮች ይሸጣል። እናት ፒያኖ ትመታለች፣ ትንሿ ማሪያ ትዘፍናለች፣ ሶፊያ ብርጭቆ ታመላልሳለች፣ ታጥባለች።

የመስኮት መጋረጃና አንድ ቲኬት

15 ዓመት ሲሞላት ናፖሊ ውስጥ የቁንጅና ውድድር መጣ። የሚለበስ ቀሚስ የለም። አያት ሮዝ ቀለም ያለውን የመስኮት መጋረጃ አወረደችና የራት ልብስ አድርጋ ሰፋችው። ጫማዋ ጥቁር ነው፤ ነጭ ቀለም ተቀባ። መቼም መጋረጃው ከወረደ በኋላ ጎረቤት ሳሎናቸውን እያየ ምን አለ ይሆን እያልኩ አስባለሁ።

አንደኛ አልወጣችም። ከተመረጡት 12 "ልዕልቶች" አንዷ ሆነች። ሽልማቱ 23,000 ሊሬ፣ የግድግዳ ወረቀት፣ የጠረጴዛ ልብስና ወደ ሮም የሚወስድ የባቡር ቲኬት ነበር። ዋናው ቲኬቱ ነው።

በ1950 እናትና ልጅ ሮም ገቡ። የሮማውያንን ዘመን የሚያሳይ አንድ ግዙፍ የአሜሪካ ፊልም ቺኔቺታ በሚባለው የፊልም ከተማ እየተቀረጸ ነበርና ለአጃቢነት ብዙ ሺህ ሰው ይፈለጋል። ተሰለፉ። ስም ሲጠራ "ሺኮሎኔ!" ተባለ። ሶፊያ አቤት ብላ ወጣች። አንዲት ሴትም አቤት ብላ ወጣች። ለካ የአባቷ ሕጋዊ ሚስት እሷም ለአጃቢነት ተሰልፋ ኖሯል! ሴትየዋ በሰው ፊት ጮኸችባቸው፤ ስሙ የእኔ ነው፣ እናንተ ምን አባታችሁ አላችሁ በሚል መንፈስ። ልጅቷ ያን ጊዜ 15 ዓመቷ ነው። ወረቀት ያለውና የሌለው ሰው ልዩነት እንደዚያ ቀን ቁልጭ ብሎ የታያት አይመስለኝም።

ከዚያ በፎቶ በሚተረኩ የፍቅር ታሪክ መጽሔቶች ላይ መሥራት ጀመረች፤ ስሟንም ሶፊያ ላዛሮ አሏት። አልዓዛር ማለት ነው፤ ውበቷ ሙት ያስነሳል ለማለት። በ1953 ገደማ አንድ ፕሮዲዩሰር ይህኛውም አልጣመውም። በወቅቱ ቶሬን የምትባል ስዊድናዊት ተዋናይ ነበረች፤ ከስሟ "ት"ን አውጥቶ "ል" ተካና ሎረን አደረጋት። አባቷ የሰጣትን፣ እህቷ የተነፈገችውን ስም ዓለም አላወቀውም።

በዚያው ዓመት ነው እኛን የምትነካዋ ፊልም የመጣችው። የቨርዲ ኦፔራ "አይዳ" ፊልም ሆነ፤ ሶፊያ ደግሞ በግብፅ ምድር የተማረከችውን ኢትዮጵያዊት ልዕልት አይዳን ሆና ሠራች። ቆዳዋን አጥቁረው፣ የኦፔራ ዘፋኟ የሬናታ ቴባልዲ ድምፅ ከበስተጀርባ እየዘፈነ፣ እሷ ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች። ጣሊያን ከኢትዮጵያ ከወጣች ገና 12 ዓመቷ ነበር። ፊልሙን ሳየው ግማሹ ያስቀኛል፣ ግማሹ ሌላ ነገር ያሰማኛል። ለሶፊያ ግን መንገድ ከፈተላት። በቀጣዩ ዓመት ዳይሬክተሩ ቪቶሪዮ ዴ ሲካ የናፖሊ ፒዛ ሻጭ አድርጎ አሠራት፤ ከዚያ በኋላ ጣሊያን ዓይኑን ከእሷ ላይ አልነቀለም።

ፖንቲ

ካርሎ ፖንቲን ያገኘችው ገና ቁንጅና ውድድር ላይ ስትሯሯጥ ነው። እሱ ዳኛ ነበር። በወቅቱ እሷ 16 እንኳ አልሞላትም ወይም ገና ሞልቷት ነበር፤ እሱ ወደ 38 ተጠግቷል፣ ባለትዳር ነው። በዛሬ ዓይን ሲታይ ይህ የሚጎረብጥ ነገር ነው፤ በፍቅር ታሪክ ስም ሸፋፍኖ ማለፍ አይመቸኝም። ሥራ የሚሰጣት እሱ፣ የሚመክራት እሱ። እሷ በበኩሏ አባት ሳይኖራት ማደጓ ወደ እሱ እንደሳባት ደጋግማ ተናግራለች።

በ1956 ስፔን ውስጥ ከሆሊውዱ ተዋናይ ከኬሪ ግራንት ጋር ፊልም ስትሠራ ሰውየው ወደዳት፣ አግቢኝ አላት። እሱም ባለትዳር ነው። እሷ ደግሞ ስታመነታ ከርማ በመጨረሻ ፖንቲን መረጠች። የሜክሲኮው ሰርግ ሰሞን ከግራንት ጋር አንድ አስቂኝ የፍቅር ፊልም ላይ ነበረች። በፊልሙ መጨረሻ ላይ ይጋባሉ። እንግዲህ አስቡት፤ ሜክሲኮ ያለው እውነተኛ ሰርግ ላይ ሙሽሪት የለችም፤ የውሸቱ ሰርግ ላይ ነጭ ቬሎ ለብሳ ቆማለች።

አሁን ወደ ሕጉ

በእኛ ቃል ብናስረዳው ይቀላል። እኛ ሰማንያና ቁርባን እንላለን። በሰማንያ የተጋባ ይፋታል። በቁርባን የታሰረ ግን "ሞት እስኪለየን" ብሏልና አይፈታም። አሁን አንድ አገር ሙሉ፣ ማዘጋጃ ቤት ሄዶ የፈረመው ሳይቀር፣ በቁርባን እንደታሰረ ሲቆጠር አስቡት። ጣሊያን እስከ 1970 መጨረሻ ድረስ እንዲህ ነበረች። ፍቺ የሚባል ነገር በሕጓ ውስጥ የለም። ባልና ሚስት በፍርድ ቤት ተለያይተው መኖር ይችላሉ፤ ሌላ ማግባት ግን አይችሉም።

መውጫው ሁለት ነው። አንዱ ሞት። ሁለተኛው "ይህ ጋብቻ ከመጀመሪያውም ጋብቻ አልነበረም" ማስባል ነው። ፍቺና ይኼኛው አንድ አይደሉም። ፍቺ፣ ነበረ፣ አሁን አበቃ ይላል። ይኼኛው፣ በሰርጉ ዕለት ጉድለት ስለነበረ እንዳልተጋቡ ይቆጠር ይላል፤ ተገዳ ነው፣ ዘመዳሞች ናቸው፣ አንዱ አእምሮው ልክ አልነበረም፣ እንዲህ ዓይነት ነገር። በ1929 ሙሶሊኒና ቫቲካን ከተፈራረሙ ወዲህ ደግሞ የቤተ ክርስቲያን ጋብቻ በመንግሥትም ፊት ሙሉ ጉልበት አገኘ፤ ጉድለት ነበረበት አልነበረበትም የሚለውን የሚወስነው የቤተ ክርስቲያን ፍርድ ቤት ሆነ። ጊዜና ገንዘብ የሚበላ መንገድ ነው፤ እሺ መባሉም ዋስትና የለውም።

ሙሶሊኒን ካነሳን አይቀር፤ ሶፊያ ስሙን የገዛችላት እህቷ ማሪያ በ1962 ያገባችው ማንን መሰላችሁ? የሙሶሊኒን ልጅ፣ ሮማኖን። የጃዝ ፒያኖ ተጫዋች ነበር። በ1935 ኢትዮጵያን የወረረው ሰውዬ፣ ከሞተ በኋላ የ"አይዳ" እህት አማች ሆነ ማለት ነው። ታሪክ አንዳንዴ ቀልደኛ ነው። ከሮማኖና ከማሪያ የተወለደችው አሌሳንድራ ሙሶሊኒ ኋላ ፖለቲከኛ ሆናለች።

ወደ ጉዳያችን። ፖንቲ ሚስቱን ጁልያናን ያገባው በ1946 ነው። ትዳሩ ከሞተ ቆይቷል፤ ሕጉ ግን አልቀበረውም። ጠበቆቹ ሜክሲኮን መረጡ። እዚያ ያን ጊዜ ለውጭ ዜጋ ፍቺ በቶሎ ይሰጣል፤ ባለጉዳዩ ባይገኝ ወኪል ይበቃል። ስለዚህ መጀመሪያ ከጁልያና የፍቺ ወረቀት፣ ቀጥሎ ከሶፊያ የጋብቻ ወረቀት። ሁለቱም በውክልና።

ታዲያ ችግሩ ምንድን ነው? ጣሊያን ውስጥ የቤተሰብ ሕግ የሚከተለው ሰውየውን እንጂ ቦታውን አልነበረም። ጣሊያናዊ ከሆንክ ሜክሲኮም ሂድ ጨረቃ፣ ማግባትህና መፍታትህ የሚዳኘው በጣሊያን ሕግ ነው። የጣሊያን ሕግ ደግሞ ፍቺ አያውቅም። ስለዚህ የሜክሲኮው የፍቺ ወረቀት ሮም ሲደርስ ተራ ወረቀት ነው። የጋብቻው ወረቀት ግን ተራ አይደለም፤ የወንጀል ማስረጃ ነው! ሚስት እያለችው ሌላ አግብቷልና። በጋብቻ ላይ ጋብቻ። ቅጣቱ ከ1 እስከ 5 ዓመት እስራት።

እዚህ ላይ አንድ ብዙ ሰው የማያስተውለው ነገር አለ። ሁለቱ ዝም ብለው ሳይጋቡ አብረው ቢኖሩ ኖሮ ይሻላቸው ነበር። ባል ቁባት ይዞ መኖሩም በጣሊያን ሕግ ወንጀል ነበር፤ ክሱ የሚነሳው ግን ሚስቲቱ አቤቱታ ካቀረበች ብቻ ነው። ጁልያና ደግሞ የመክሰስ ሐሳብ አልነበራትም። በጋብቻ ላይ ጋብቻ ግን ከሳሽ ሚስት አይጠይቅም። ከመንገድ የመጣ ሰው ቢጠቁም ዓቃቤ ሕግ ፋይል ይከፍታል። እንደዚያው ሆነ። ከነጭራሹ የማታውቃቸው አንዲት የሚላኖ ሴት ጥቆማ አቀረበች። ሌሎችም ተከተሉ። የቫቲካን ጋዜጣም አወገዛቸው። በወግ ልጋባ ያለው ሰው ወንጀለኛ፣ በድብቅ የሚኖረው ነፃ።

በነገራችን ላይ ያው የወንጀል ሕግ ሚስቱን ከሌላ ወንድ ጋር አግኝቶ "ለክብሩ" ሲል ለገደለ ባል የሚሰጠው ቅጣት ከ3 እስከ 7 ዓመት ነበር። ይህ አንቀጽ የተሻረው በ1981 ነው። የትኛው ወንጀል ከየትኛው ጋር እንደተጎራበተ ልብ በሉ።

"አልተጋባንም" ያሉት ባልና ሚስት

ሁለቱ ለተወሰነ ጊዜ ከጣሊያን ርቀው ቆዩ። በ1960 ግን ሥራ መለሳቸው። ዴ ሲካ የአልቤርቶ ሞራቪያን የጦርነት ልብ ወለድ ፊልም ሊያደርገው ነው። ከሮም ቦምብ ሸሽተው ወደ ገጠር የሚሰደዱ እናትና ልጅ ናቸው። መጀመሪያ የታሰበው ዝነኛዋ ተዋናይ አና ማኛኒ እናት፣ ሶፊያ ደግሞ ልጅ እንዲሆኑ ነበር። ማኛኒ የሶፊያ እናት አልሆንም አለች፤ ራሷ ሶፊያ ትሥራት እንጂ ብላ ተወችው። በቁጣም ይሁን በፌዝ፣ ዴ ሲካ ቃሏን ያዘ።

ሶፊያ ያን ጊዜ 25 ዓመቷ ነው። የደረሰች ልጅ እናት ሆና መቅረብ አለባት። ያሳደጓት ሰዎች፣ ዋሻው፣ ረሃቡ፣ የእናቷ ሩጫ፣ ሁሉም ፊቷ ላይ መጣ። ፊልሙ ውስጥ እናትና ልጅ በፈረሰች ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በወታደሮች ይደፈራሉ። ከዚያ በኋላ መንገድ ላይ ወታደር የጫነ መኪና ሲያልፍ እናቲቱ ትጮኽበታለች፤ ድንጋይ አንስታ ትወረውራለች፤ ትቢያው ላይ ቁጭ ብላ ታለቅሳለች። አንድም የተኳኳለ ነገር የለውም። እኔ ስለ ሶፊያ ውበት የሚያወራ ሰው ሲገጥመኝ ያንን ትዕይንት አይተሃል ወይ እላለሁ።

ኤፕሪል 9 ቀን 1962 ለዚህ ሥራ ኦስካር ተሰጣት። በእንግሊዝኛ ባልሆነ ፊልም የመሪ ተዋናይነት ኦስካር ያገኘች የመጀመሪያዋ ሰው ናት። ሥነ ሥርዓቱ ላይ አልነበረችም። ብሸነፍም ባሸንፍም ራሴን ስቼ እወድቃለሁ ብላ ሮም ቀረች። ሌሊቱን እንቅልፍ በዓይኗ አልዞረም። ጠዋት ስልክ ጮኸ። ማሸነፏን ያበሰራት ኬሪ ግራንት ነው፤ ያ እንቢ ያለችው ሰው።

ይህ ሁሉ ክብር ሲመጣ የክሱ ፋይል አልተዘጋም። ሮም ተጠርተው ሲጠየቁ "እኛ አልተጋባንም" ብለው ካዱ። በዚያው በ1962 የሜክሲኮው ጋብቻ እንዳልነበረ ተቆጠረ። ጉዳዩን ገልብጣችሁ እዩት። ሌላው ጣሊያናዊ ከማይወደው ትዳር ለመውጣት "አልተጋባሁም" ያስብላል። እነዚህ ደግሞ የሚፈልጉትን ትዳር ለማትረፍ "አልተጋባንም" አስባሉ። ቤትም በሌላ ሰው ስም ይከራያሉ፤ በር ላይ ስማቸው አይለጠፍም።

እዚህ ላይ ዴ ሲካን ሳላነሳ አላልፍም። ፊልሙን የሠራው ሰውም ያው በሽታ ነበረበት። በ1937 ያገባት ሚስት አለችው፤ ልጆች የወለደችለት ሌላ ሴትም አለችው። ሁለት ቤት ያስተዳድራል። በአዲስ ዓመት ዋዜማ አንደኛውን ቤት ሰዓት ወደ ኋላ እያዞረ፣ በሁለቱም ቤት እኩለ ሌሊት ላይ ብርጭቆ ያነሳ ነበር ይባላል። ጣሊያናዊው ተዋናይ ማርቼሎ ማስትሮያኒ ደግሞ በ1950 ያገባትን ሚስቱን ሳይፈታ ነው በ1996 የሞተው፤ መካከል ላይ ከፈረንሳዊቷ ተዋናይ ከካትሪን ደኑቭ ልጅ ወልዷል። ሶፊያና ፖንቲ ከማስትሮያኒ የሚለዩት፣ ወረቀቱ ይገባናል ብለው በመድረቃቸው ነው።

በእነዚህ ዓመታት ዴ ሲካ ያሠራቸውን ፊልሞች አሁን ስታዩዋቸው ሌላ ትርጉም ይሰጣሉ። በ1963ቱ ሶፊያ የኮንትሮባንድ ሲጋራ የምትቸረችር የናፖሊ ሴት ናት። ልትታሰር ነው። ሕጉ ግን እርጉዝን፣ ከወለደችም በኋላ ለወራት፣ አታስሩ ይላል። ምን ታድርግ፣ ልጅ በልጅ ላይ ትወልዳለች። ባልየው ነው የሚደክመው። በቀጣዩ ዓመት ፊልም ደግሞ ልሞት ነው ብላ አታልላ የምታገባ ሴት ሆነች። ማታለሉ ይታወቅና ጋብቻው ሊፈርስ ይሆናል። ሦስት ወንዶች ልጆች አሏት፤ ለሰውየው ከሦስቱ አንዱ ያንተ ነው ትለዋለች፣ የትኛው እንደሆነ ግን አትነግረውም። ለይታ ብትነግረው ለሱ ብቻ ስሙን ይሰጣልና፣ ሁለቱ ያለ ስም ይቀራሉ። የሺኮሎኔ ልጅ ይህን ሚና ለመሥራት ብዙ ልምምድ ያስፈለጋት አይመስለኝም።

ዜግነት የመቀየር ዘዴ

መውጫውን ያገኙት ከሕጉ ከራሱ ነው። ቅድም ምን አልን? ሕጉ የሚከተለው ሰውየውን ነው። እንግዲያው ሰውየው ጣሊያናዊ ባይሆንስ? ፈረንሳይ ከ1884 ጀምሮ ፍቺ ትፈቅዳለች። ፈረንሳዊ ከሆንክ የምትዳኘው በፈረንሳይ ሕግ ነው።

የሚቸግረው ፖንቲና ሶፊያ ብቻ ፈረንሳዊ ቢሆኑ አለመብቃቱ ነው። ፍቺው ከጁልያና ጋር ነውና እሷም መግባት አለባት። ተነጋገሩ። ጁልያናም ፈቃደኛ ሆነች፤ ሦስቱም ፈረንሳይ ገቡ፣ ሦስቱም የፈረንሳይ ዜግነት አገኙ። በወቅቱ ጠቅላይ ሚኒስትር የነበረው ጆርጅ ፖምፒዱ ማመልከቻውን አጸደቀው። በ1965 ጁልያና ፖንቲን ፈታችው። ለእኔ በዚህ ታሪክ ውስጥ ትልቋ ሰው እሷ ናት። ቂም ይዛ እንቢ ብትል ማን ይፈርድባታል? ፎቶዋን ግን የሚያውቅ የለም።

ኤፕሪል 9 ቀን 1966፣ ፓሪስ ጥግ ባለችው ሴቭር፣ ማዘጋጃ ቤት ገብተው ተጋቡ። ልክ ኦስካሩን ባገኘች በ4ኛ ዓመቷ ዕለት። በዚህኛው ሰርግ ሙሽሪትም ሙሽራውም በአካል ተገኝተዋል።

ለምን ይህን ያህል ደከሙ? ልጅ ነው አንዱ ምክንያት። የዚያን ጊዜው የጣሊያን ሕግ ባለትዳር ወንድ ከሚስቱ ውጭ የወለደውን ልጅ፣ ሚስቱ በሕይወት እያለች፣ ልጄ ነው ብሎ እንዲያስመዘግብ አይፈቅድለትም። አባትየው ቢፈልግ እንኳ! የሶፊያ አባት ስሙን የከለከለው ወድዶ ነው። ፖንቲ ግን ሕጉ ይከለክለው ነበር።

ልጁም በቀላሉ አልመጣም። ሁለት ጊዜ አስወረዳት። በሦስተኛው ጄኔቭ ሄዳ ለወራት ከሆቴል አልጋ ሳትነሳ ተኛች። ዲሴምበር 29 ቀን 1968 ካርሎ ተወለደ። በጃንዋሪ 1973 ኤዶአርዶ ተከተለ።

የጣሊያን ሕግ ከኋላ ከኋላቸው እየደረሰ ነበር። በ1968 እና በ1969 ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት የዝሙትንና የቁባትን አንቀጾች ሻራቸው። ዲሴምበር 1 ቀን 1970 የፍቺ ሕግ ወጣ። ተቃዋሚዎቹ ሕዝብ ይወስን ብለው በሜይ 1974 ድምፅ ተሰጠ፤ 59 ከመቶው ሕጉ ይቆይ አለ። የእነ ሶፊያ ጉዳይ ብቻውን ይህን አመጣ ማለት ማጋነን ነው። ግን ስንት ተራ ሰው በየመንደሩ በዚያው ወጥመድ ውስጥ ነበር፤ ጋዜጣ ላይ የሚወጣው የእሷ ብቻ ነበር።

ዜግነቱ ከሁሉም አላዳናትም። በጣሊያን በግብር ጉዳይ ተፈርዶባት ነበርና አገሯ ከገባች ትታሰራለች። ጄኔቭ ቁጭ ብላ መኖር ትችል ነበር። እናቷ ሮሚልዳ ግን ሮም ናት። በ1982 ተመለሰችና ካዜርታ በሚገኝ የሴቶች እስር ቤት ከሁለት ሳምንት በላይ ታሰረች። ስህተቱ የሒሳብ ሠራተኛዬ ነው ስትል ኖራለች። በ1974 ገቢዋ ላይ በተነሳ ሌላ የግብር ክርክር ደግሞ የጣሊያን ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2013 ለእሷ ፈረደላት። 39 ዓመት የቆየ ፋይል!

ፖንቲ በጃንዋሪ 2007 ጄኔቭ ውስጥ በ94 ዓመቱ ሞተ። እሷ ከዚያ በኋላ ብዙም አልሠራችም። በ2020 ግን አንድ ፊልም ይዛ ብቅ አለች፤ የሌሎች ሴቶችን ልጆች ሰብስባ የምታሳድግ አሮጊት ሆና። አንደኛው ልጅ ከሴኔጋል የመጣ፣ እናት አባት የሌለው ነው። በቀጣዩ ዓመት፣ በ86 ዓመቷ፣ የጣሊያንን ትልቁን የፊልም ሽልማት ወሰደች። ዳይሬክተሩ ሁለተኛው ልጇ ነው። ፊልሙ ሲጀምር ስሙ ይጻፋል፦ ኤዶአርዶ ፖንቲ።